ቁልቁል ወደ ዓባይ በረሃ

ከደጀን ወደ ዓባይ የሚወርደውን መንገድ ስንት ጊዜ እንዳለፍኩት አላስታውስም። ሁሌ በአውቶቡስ ነው። ጠመዝማዛው ሲጀምር መጋረጃ ይሳባል፣ ሎሚ ይሸተታል፣ አንዱ ፌስታል ይጠይቃል። ብዙዎቻችን በረሃውን የምናውቀው እንዲህ ነው። ባለፈው ጥር ግን በእግሬ ልወርደው ቆረጥኩ።

በረሃ ስንል አሸዋ አይደለም። ለጎጃም ሰው በረሃ ማለት ቆላ ነው። ደጀን 2,400 ሜትር ገደማ ከፍታ ላይ ናት፤ ወንዙ ያለው 1,000 ሜትር አካባቢ ነው። ጠዋት ጋቢ ደርቤ ወጣሁ። ረፋዱ ላይ ጋቢው ከቦርሳዬ ውስጥ ነበር።

መጀመሪያ የሚገኘው ጥቁር ድንጋይ ነው፣ ባዛልት። ከ30 ሚሊዮን ዓመት ገደማ በፊት ከመሬት ስንጥቅ የፈሰሰ ቅልጥ አለት ነው። ጮቄ ራሱ እሳተ ገሞራ የነበረ ተራራ ነው፤ ግን የተነሣው ከዚህ በኋላ ነው። የደጀን ሜዳ መረሬ አፈር የዚሁ ድንጋይ ልጅ ነው። ጤፋችን የሚበቅለው በረገበ እሳተ ገሞራ ላይ ነው ማለት ነው። ይህን ሳስብ ቆሜ ወደ ኋላ ዞሬ ማሳውን አየሁት።

ትንሽ ወረድ ሲሉ ቀለሙ ይቀየራል። ነጣ ያለ፣ ተነባብሮ የተደረደረ የኖራ ድንጋይ። እዚህ ብዙ ቆየሁ። ከመንገዱ ዳር አንድ ድንጋይ ላይ የቀንድ አውጣ ዓይነት ቅርፊት ተጣብቆ አየሁ። በጣቴ ዳሰስኩት። በጁራሲክ ዘመን፣ ከ150 ሚሊዮን ዓመት ገደማ በፊት፣ ይህ ቦታ ባሕር ነበር። ጎጃም ላይ ባሕር! ድንጋዩን ይዤው ልሄድ ፈልጌ ነበር። ግን ሁላችንም አንዳንድ ብንወስድ ምን ይቀራል? ተውኩት።

ከኖራው በታች ጄሶና ጭቃማ ድንጋይ ነው። ውኃ ሲገባው ይለሰልሳል፣ ይንሸራተታል። አስፋልቱ በየክረምቱ የሚሰነጠቀውና የሚሰምጠው ለዚህም ነው። ወደ ወንዙ ሲጠጉ ደግሞ ቀዩ የአሸዋ ድንጋይ ይመጣል፤ ከላዩ ካሉት ሁሉ የሚበልጥ ሽማግሌ።

ከዋናው መንገድ ወጣ ብሎ የተከለለ ተዳፋት አለ። አጥር የለውም። ግን ድንበሩ ከሩቅ ይታወቃል፤ ወዲህ ማዶ አፈሩ ተገልጦ ድንጋዩ ገጥጧል፣ ወዲያ ማዶ ሣሩ ጉልበት ይደርሳል። ሣር አጭዶ መሸከም ይፈቀዳል። ከብት ማስገባት ግን ክልክል ነው። ጠባቂው አዛውንት ናቸው፤ ውኃ ሰጡኝና አብረን ዞርን። ግራሩን፣ አባሎውን፣ ወይባውን በየስሙ ነገሩኝ። ከዚያ አንድ ቅጠል የሌለው ዛፍ አጠገብ ቆምን። ልጡ እንደ ወረቀት ይላጣል።

«ጋሼ፣ ይሄ ደርቋል እንዴ?»

«ኧረ አልደረቀም ልጄ! የዕጣን ዛፍ ነው። በበጋ ቅጠሉን የሚጥለው ውኃውን ሊቆጥብ ነው። ዝናብ ሲጥል ነይና እይው።»

ልጡን ጫር አደረጉት። ከሥሩ አረንጓዴ ነበር። ሽታው እጃቸው ላይ ቀረ።

ከዚያ ጎንበስ ብለው አንድ ነገር አሳዩኝ፤ ከስንዝር የማትበልጥ የዕጣን ችግኝ። ችግሩ እዚህ ላይ ነው። ትልልቆቹ ዛፎች አሉ፣ ዘርም ይጥላሉ፤ ግን ቡቃያው ፍየል ይበላዋል፣ እሳት ይጨርሰዋል። ስለዚህ ሽማግሌ ብቻ ያለበት ጫካ ይሆናል። አዛውንቱ ችግኟን በሦስት ድንጋይ ከበዋታል። እንደዚህ የተከበቡ ሌሎችም አየሁ። አንድ፣ ሁለት እያልኩ እስከ አስራ አንድ ቆጠርኩ። ለእኔ የጉዞዬ ትልቁ ነገር ይህ ነበር፤ ከባሕሩም ከእሳተ ገሞራውም ይልቅ።

ድልድዩ ጋ ስደርስ ፀሐይዋ ትለበልብ ነበር። የጭነት መኪና ለምኜ ተሳፈርኩ። ሹፌሩ «ተኚ፣ መንገዱ ረጅም ነው» አለኝ። አልተኛሁም። ግንባሬን መስኮቱ ላይ አስደግፌ ወደ ላይ ቆጠርኩ፦ ቀይ፣ ጄሶ፣ ነጭ። ጥቁሩ ድንጋይ ሲመጣ ብርዱም መጣ። ጋቢዬን አውጥቼ ደረብኩ።