ባለ 4 ሌየሩ ቦርድ አለቀ፣ ላፕቶፕም አልቀየርኩም

ለትንሽ የሶላር ቻርጅ መቆጣጠሪያ የጀመርኩት ባለ 4 ሌየር (አራት የመዳብ ንጣፍ ያለው) የሰርኪዩት ቦርድ ንድፍ አለቀ። የሠራሁት ኪካድ በሚባለው ነፃ የቦርድ መንደፊያ ሶፍትዌር ላይ ነው። ስለ ስኬማቲኩ (የሰርኪዩቱ ሥዕል) እና ስለ ዕቃ አደራደሩ አልተርክም፣ ዩቲዩብ ሞልቶታል። ያንገበገበኝ ሌላ ነገር ነው።

ከኪካድ 6 ወደ አዲሱ ስሻገር ፍጥነት ነበር የጠበቅኩት። የሆነው ተቃራኒው ነው። አንዲት ትራክ (የመዳብ መስመር) ገፋ ባደረግኩ ቁጥር ስክሪኑ ቀጥ ይላል። ማውዙ ይሄዳል፣ መስመሩ አይከተለውም። ግራፊክሱን ጠረጠርኩ፣ ላፕቶፔ ለብቻው ግራፊክስ ካርድ የለውማ። የመስመሮችን ጠርዝ የሚያለሰልሰውን አንቲአሊያሲንግ አጠፋሁት። ዙም ማድረግ ቀለል አለ። ትራኩ ግን ያው።

ፍንጩ የመጣው አንድ ዞን (በመዳብ የሚሞላ ቦታ) ብቻ ያለውን የድሮ ቦርዴን ስከፍት ነው። እሱ ምንም አይንቀረፈፍም። ልዩነቱ ለካ የመዳብ ሙሌቱ ነው። ከኪካድ 7 ጀምሮ ዞኖችን በራሱ እያደሰ የሚሞላ ምርጫ ገብቷል። የእኔ ቦርድ አራቱም ሌየር ላይ ዞን አለው፣ ቪያውም (ሌየሮቹን የሚያገናኘው ቀዳዳ) ብዙ ነው። አንድ ነገር በነካሁ ቁጥር በየፓዱ (ዕቃ የሚበየድበት መዳብ) እና በየቪያው ዙሪያ ክፍተቱ እንደ አዲስ ይሰላል። ይሄ የፕሮሰሰር ሥራ ነው፣ ግራፊክስ ላይ ብትደክሙ ለውጥ የለውም።

መፍትሔው አንድ ምልክት ማንሳት ነው። ፕሪፈረንስ፣ ፒሲቢ ኤዲተር፣ ኤዲቲንግ ኦፕሽንስ ውስጥ «አውቶማቲካሊ ሪፊል ዞንስ» የሚለውን አጥፉት። ከዚያ ሲያስፈልጋችሁ ብቻ ቢ (B) የምትለዋን ፊደል መጫን ነው። ዲአርሲ (የንድፍ ስህተት መፈተሻው) መስኮት ላይ ያለችውን ቀድሞ ዞን የመሙያ ምልክት ግን እንዳትነኳት። ያረጀ ሙሌት ይዞ ገርበር (ለፋብሪካ የሚላከውን ፋይል) ማውጣት ጉድ ያመጣል።

አፕዴት ላይ አቋሜ ጠንካራ ነው። ኪካድ 7፣ 8 እና 9 የወጡት በ2023፣ በ2024 እና በ2025 በፌብሩዋሪ ወር ነው። እንደ 9.0.0 በዜሮ ዜሮ የሚያልቀውን የመጀመሪያ ቨርዥን አልነካም። 9.0.1 እና 9.0.2 እያሉ የሚመጡት በዋናነት ባግ ጥገና ናቸው፣ እነሱን ወዲያው አወርዳለሁ። 99 ያለበትን የሙከራ ቨርዥን የሰው ሥራ ላይ መጠቀም በእኔ ቤት ክልክል ነው። በ9 ሴቭ ያደረጋችሁትን 8 አይከፍተውም። ስለዚህ ፕሮጀክት መሀል ላይ መቀየር የለም፤ አብሯችሁ የሚሠራ ሰው ካለ ደግሞ ቨርዥን ላይ ቀድማችሁ ተስማሙ። ዊንዶውስ ላይ ሁለቱን ጎን ለጎን መጫን ይቻላል። የራሱን ባካፕም አብሩት፣ መብራት መቼ እንደሚሄድ አይታወቅም።

የለውጥ ዝርዝሩን ሙሉውን አነባለሁ ብዬ አልዋሽም። «ክራሽ» የሚለውን ቃል ብቻ ፈልጌ እዘጋዋለሁ። ስለ ፍጥነት ይሄን ሁሉ አውርቼም ስሪዲ ቪውሩን ያለ ምክንያት እየከፈትኩ ቦርዴን አገላብጣለሁ፣ ብርሃንና ጥላ የሚያሰላውን ሬይትሬሲንግ ጭምር አብርቼ። ፋኑ ይጮኻል። ይጩህ!