ካኩ መጨረሻ ነው የምትበላው

ህንድ፣ ፑኔ ከተማ ማስተርሴን ስማር 2 ዓመት የተከራየሁት ክፍል ከላይ ነበር፣ ታች ባለቤቶቹ አሉ፣ አያቶቹ፣ ሁለት ወንድ ልጆቻቸው ከነሚስቶቻቸው፣ 4 የልጅ ልጆች፣ ባጠቃላይ 10 ሰው ባንድ ማድቤት። ሰዓቱን በድምፅ ነበር የማውቀው፣ ደወል ከተቃጨለ አጂ (በማራቲ አያት ማለት ነው) ፀሎት ላይ ናቸው፣ ፕሬዠር ኩከሩ ካፏጨ ምስሩ እየበሰለ ነው።

ጠዋት ካኩ፣ የትንሹ ልጅ ሚስት፣ ደጃፉ ላይ በነጭ ዱቄት ራንጎሊ (የደጃፍ ጌጥ ስዕል) ትስልና ግቢ ያለችውን ቱልሲ ውሃ ታጠጣለች። ቱልሲ የኛ የበሶብላ ዘመድ ናት፣ መጀመሪያ ቀን ሳሸታት የእማዬ ጓዳ ነው የመጣብኝ። ልጆቹ ደሞ ፈተና ሲኖርባቸው ዝቅ ብለው የአያቶቻቸውን እግር ሳይነኩ አይወጡም፣ እኛ ጉልበት እንደምንስመው። በጣም ነው የምወደው ይሄንን።

እራት ላይ ግን ልቤ ይሰበር ነበር። ቻፓቲ በትኩሱ ነው የሚበላው፣ ስለዚህ አንድ ሰው ምጣዱ ላይ መቆም አለበት፣ እሱም ካኩ ናት፣ ያውም ቀኑን ሙሉ ባንክ ስትሰራ ውላ። ሊጡን ትዳምጣለች፣ ምጣዱ ላይ ትጥላለች፣ እሳቱ ላይ ሲነፋ አንስታ ቅቤ ቀብታ ለወንዶቹ፣ ለልጆቹ፣ እሁድ እሁድ ሲጠሩኝ ለኔም፣ ከ30 በላይ ይሆናል፣ እሷ የምትቀመጠው ሁሉም ተነስቶ ነው። አጂ እዛው ቁጭ ብለው «አንድ ጨምሪለት» ይላሉ፣ እውነቱን ለመናገር በሳቸው በጣም አዝን ነበር።

ግንቦት ላይ የማንጎ ወቅት ነው፣ አልፎንሶ የሚባለው የራትናጊሪ ማንጎ ተጨምቆ አምራስ ይሆናል፣ በቻፓቲ እያጠቀሱ ነው የሚበላው። አንድ እሁድ ቀደም ብዬ ወርጄ ማድቤት ስገባ አጂ ለብቻቸው ናቸው፣ ማንም ሳይቀርብ አንድ ጎድጓዳ ሳህን አምራስ ሞልተው ከድነው ከዱቄቱ ጣሳ ጀርባ ሲደብቁ አየሁ። እሳቸውም አዩኝ። «ለሷ ነው ልጄ» አሉኝ በዛች በምችላት ሂንዲ፣ «እኔ ምራት ሆኜ እዚህ ቤት ስገባ እስክቀመጥ ያልቅ ነበር።»

የዛን ቀን በልቼ አልተነሳሁም፣ ካኩን ጠበቅኳት። ምጣዱን አጥፍታ፣ እጇን ታጥባ፣ የቀዘቀዘውን ቻፓቲ ይዛ ወለሉ ላይ ተቀመጠችና ዞር ብላ እንኳን ሳታይ እጇን ከጣሳው ጀርባ ሰደደች።