ሮጣ ስትጨርስ የምትታመመው ልጅ

በ21 ዓመት የስፖርት መምህርነቴ ከሩጫ ለማምለጥ የቀረበልኝን ሰበብ ሁሉ ልጻፈው ብል አንድ ደብተር አይበቃኝም። የቁርጭምጭሚት ወለምታ፣ የጎረቤት ለቅሶ፣ በሌሊት የጠፋ ጫማ፤ አንድ ጊዜም "አያቴ መጥፎ ሕልም አይተው ሩጫ ከልክለውኛል" ያለኝ ልጅ አለ። እናም ውሸታም ተማሪ በመለየት ረገድ ራሴን እንደ ዳኛ እቆጥር ነበር። በዘጠነኛ ክፍሏ ልጅ ላይ ስፈርድም በግብታዊነት አልነበረም። ሦስት ማስረጃ ነበረኝ። እስከ ዛሬ የሚከነክነኝም ይኸው ነው፤ ሦስቱም እውነት ነበሩ።

አንደኛ፣ እየሮጠች ምንም አትሆንም። ከፊት ከሚሮጡት አንዷ ናት። ሳሉ የሚነሳባት እኔ ፊሽካ ነፍቼ፣ ጓደኞቿ ውኃ ጠጥተው፣ እርሷ ሜዳው ዳር ያለው ድንጋይ ላይ ከተቀመጠች በኋላ ነው። ሲለፋ ደህና ሆኖ ሲያርፍ የሚታመም ሰው የት አገር አለ?

ሁለተኛ፣ ኅዳር መግቢያ ላይ አንድ ቀን ሳሏ ጋብ እንዳለ፣ ግማሽ ሰዓት ቆይቼ እንደገና አስሮጥኋት። ሮጠች፤ አንድም ጊዜ አላሳለችም። "አየሽ?" አልኋት። አንገቷን ደፋች። በሳምንቱ "ደግሜ መሮጥ አልችልም" ስትል በቀይ እስክሪብቶ ዜሮ ጻፍሁላት።

ሦስተኛ፣ ለትምህርት ቤቶች ውድድር ከደሴ የሃረጎን ቁልቁለት ወርደን ኮምቦልቻ ሄደን ነበር። በከሰዓት ፀሐይ 800 ሜትር ሮጣ ሁለተኛ ወጣች። ስንመለስ አውቶቡሱ ውስጥ ስታዘፍን የነበረችው እርሷ ናት። ደሴ ላይ የሚታመም ደረት ኮምቦልቻ ሲደርስ የሚድን ከሆነ፣ በሽታዋ የጠዋት ክፍለ ጊዜ ጥላቻ ነው ብዬ ደመደምሁ።

በዚያ ላይ ደንብ ነበረን፤ የሐኪም ወረቀት ሳይዝ ከሩጫ የቀረ ዜሮ ያገኛል። ደንቡን የጻፍሁት እኔ አይደለሁም። የጻፈው ሰው አሁን ስለ ተማሪዎች ጤና ሥልጠና ይሰጣል፤ ጥሩ ይናገራል አሉ።

ታኅሣሥ ውስጥ፣ ከጠዋቱ 2 ሰዓት ከሩብ ላይ፣ የኩፐር ፈተና ነበር። በ12 ደቂቃ ምን ያህል ሜትር እንደተሮጠ የሚለካው ማለቴ ነው። ኬኔት ኩፐር ይህን ፈተና እ.ኤ.አ. በ1968 ያወጣው ለአሜሪካ የአየር ኃይል ሰዎች ነው። ከባሕር ጠለል 2,500 ሜትር ገደማ ላይ ቆሞ የጦሳ ተራራን የታኅሣሥ ብርድ ስለሚምግ ልጅ ያሰበበት አይመስለኝም። ሣሩ ላይ አመዳይ ነበር። ሁሉም አፉን ከፍቶ፣ ጉም እየተፋ ሮጠ። ልጅቷ በደንብ ጨረሰች፤ ድንጋዩ ላይ ተቀመጠች፤ ሳል ጀመረች። እኔም ጀርባዬን ሰጥቼ ውጤት መመዝገቤን ቀጠልሁ።

ዘወር ያልሁት ሳሉ ሲቆም ነው። መቆሙ ደስ አሰኝቶኝ ነበር። ነገር ግን ትከሻዋ ከጆሮዋ ሥር ገብቷል፤ አንገቷ ላይ ያለው ጎድጓዳ በእያንዳንዱ ትንፋሽ ወደ ውስጥ ይሰረጉዳል፤ ደረቷ ሲር ሲር ይላል። "ምን ሆንሽ?" ብላት "አየ... ር..." ብላ ቃሉን ሳትጨርስ ቀረች። ሮጬ ሄጄ ሣሩ ላይ በጀርባዋ አጋደምኋት። ለወደቀ ሰው የማውቀው ይህንኑ ነበር።

"አታስተኛት!" የሚል ድምፅ ከኋላዬ መጣ። የጽዳት ሠራተኛችን ናቸው። መጥረጊያቸውን ጥለው መጡና ልጅቷን ከእጄ ነጥቀው አስቀመጧት፤ ወደ ፊት ጎንበስ አድርገው እጆቿን ጉልበቷ ላይ አስደገፉ፤ የአንገት ልብሷንም ፈቱላት። "አብሽሪ ልጄ፣ ቀስ ብለሽ ወደ ውጪ ተንፍሺ" ይሏታል። የእርሳቸው ታናሽ ልጅ አስም እንዳለበት ከዚያ በኋላ ነው የሰማሁት። ከዚያ ቀን በፊት እርስዎ እንጂ አንተ ብለውኝ አያውቁም። ከዚያ በኋላም ወደ እርስዎ አልተመለሱም።

በባጃጅ ጤና ጣቢያ ወሰድናት። ተረኛው የጤና መኮንን ወጣት ነው፤ ገና ሳየው አወቅሁት። ተማሪዬ ነበር፤ ያውም ጉልበቴን እያለ ዓመቱን ሙሉ ዛፍ ጥላ ሥር ያሳለፈ። ፓፍ የሚባለው የሚሳብ መድኃኒት ነበራቸው፤ መድኃኒቱን በዝግታ ለመሳብ ፓፉ ላይ የሚሰካው ዕቃ፣ ስፔሰር፣ ግን አልነበራቸውም። የሃይላንድ ፕላስቲክ አነሳና መቀመጫውን በፓፉ አፍ ልክ ቀዶ ሰካበት። ፓፉን ነቅንቆ አንድ ጊዜ ረጨ፤ ልጅቷ በፕላስቲኩ አፍ አራት አምስት ጊዜ በዝግታ ሳበች፤ እንደገና ነቀነቀ፣ ረጨ። እንዲህ አራት ጊዜ። ሩብ ሰዓት ያህል ቆይታ ሙሉ ዓረፍተ ነገር መናገር ቻለች። የመጀመሪያው ዓረፍተ ነገሯ "ስንት ሜትር ተመዘገበልኝ?" የሚል ነበር።

ከዚያ ወደ እኔ ዞረ።

"ጋሼ፣ እየሮጠች ነው የጀመራት ወይስ ካቆመች በኋላ?"

"ካቆመች በኋላ ነው እንጂ! እኔም እኮ በዚህ ምክንያት ነው..."

"ከስንት ደቂቃ በኋላ?"

"አምስት፣ ስድስት።"

"ወዲያው ደግማ ብትሮጥስ?"

"ምንም አትሆንም" አልሁ። ከሳሽ ምስክሩን ሲያቀርብ ያለው ኩራት በድምፄ ውስጥ ነበር።

"ሞቅ ያለ አገር ሮጣ ታውቃለች?"

"ኮምቦልቻ! እንዲያውም ሁለተኛ ወጥታለች!"

"ጎበዝ ነዎት" አለኝ። "በጥያቄ የማገኘውን ሁሉ ይዘውልኝ መጥተዋል።"

መጀመሪያ ያመነልኝ መስሎኝ ነበር። ሩጫ የሚቀሰቅሰው አስም እንደሚመስለው ሲያስረዳኝ ግን ማስረጃዎቼን አንድ በአንድ ከእጄ ወሰዳቸው። ስንሮጥ በአፍ እንተነፍሳለን፤ አፍንጫ አየሩን የሚያሞቅበትና የሚያረጥብበት ፋታ አያገኝም። ብርዳምና ደረቅ አየር የአየር ቧንቧን እርጥበት ይመጥጣል፤ የተቆጣውን ቧንቧ በዙሪያው ያሉት ጡንቻዎች ጨምድደው ያጠብቡታል። ሩጫው እስካለ ድረስ ሰውነት ራሱ ቧንቧውን ከፍቶ ይይዘዋል። የሚብሰው ካቆሙ በኋላ ከ5 እስከ 15 ደቂቃ ባለው ጊዜ ነው፤ አብዛኛውን ጊዜም በአንድ ሰዓት ውስጥ ይለቃል። አንድ ጊዜ ከጠበበ በኋላ ደግሞ ግማሽ በሚያህሉት ሰዎች ላይ ለአንድ ሁለት ሰዓት ተመልሶ አይጠብም። ኮምቦልቻ ከደሴ 600 ሜትር ያህል ዝቅ ትላለች፤ አየሯም ሞቃት ነው።

"እየሮጠች ራሷን ስታ ብትወድቅ ኖሮ ልቧን ነበር የምጠረጥረው" አለኝ። "ፉጨቱ አየር ስትስብ ጉሮሮዋ ላይ ቢሆንም ሌላ ነገር አስብ ነበር። የእርሷ ስታስወጣ ነው፣ ከደረቷ።"

ዝም አልሁ። እርሱ ግን ጓንቱን እያወለቀ ፈገግ አለ።

"ጋሼ፣ ያን ጊዜ የእኔን ጉልበት አምነውልኝ ነበር?"

"አላመንሁህም።"

"ልክ ነበሩ" አለኝ። "ጉልበቴ ምንም አልነበረውም።"

ያ መልስ ሊያጽናናኝ ይገባ ነበር፤ አላጽናናኝም። ውሸታሙን በትክክል ለይቼ ዓመቱን ሙሉ ጥላ ሥር አስቀመጥሁት፤ እውነተኛዋን ደግሞ ሁለት ጊዜ አስሮጥኋት።

በሳምንቱ ቀጥሯት ጤና ጣቢያው ግቢ ውስጥ ስድስት ደቂቃ አስሮጣት። ከሩጫው በፊትና በኋላ በምትነፋበት መለኪያ ለካት፤ ትንፋሿ ከአምስት እጅ አንዱን ያህል ወርዶ ተገኘ። በሌሊትም እንደምታስል ያን ቀን ነው የተናገረችው። ስለዚህ ለሩጫ ብቻ የሚሆን ፓፍ አልበቃም፤ ጠዋትና ማታ የሚሳብ የመከላከያ ፓፍ ታዘዘላት፤ ከሳበች በኋላ አፏን በውኃ እንድትጉመጠመጥም ተነገራት። እናቷ "ፓፍ ከለመደች አትላቀቅም" ብለው ነበር። ሱስ እንደማያስይዝ፣ ይልቅ የማስታገሻው ፓፍ ቶሎ ቶሎ ማስፈለጉ በሽታው እንዳልተገራ ምልክት መሆኑን ነገራቸው። እሺ አሉ፤ ጥቁር አዝሙድ በማሩንም አልተዉም።

ለእኔም የቤት ሥራ ተሰጠኝ። ከሩጫው 15 ደቂቃ በፊት ማስታገሻውን ሁለት ጊዜ ትስባለች፤ ከዚያ ቢያንስ አሥር ደቂቃ፣ መሀል መሀል ላይ አጫጭር ፈጣን ሩጫ ያለበት ማሟሟቂያ ትሠራለች፤ አፍና አፍንጫዋን በሻርፕ ትሸፍናለች፤ ስትጨርስ ድንገት አትቀመጥም፣ እየተራመደች ሰውነቷን ቀስ በቀስ ታበርዳለች፤ ጉንፋን በያዛት ቀን አትሮጥም። የክፍለ ጊዜው ሰዓት ከዕረፍት በኋላ ይደረግልኝ ብዬም ጠይቄ ነበር። መርሐ ግብሩ አንድ ጊዜ ከወጣ አይነካም ተባልሁ። ለሥልጠና ሲሆን ግን ሲነካ አይቻለሁ።

የካቲት መጨረሻ ላይ ፈተናውን ደገምነው። ሻርፗን እስከ ዓይኗ ጠምጥማ 2,000 ሜትር አለፈች። ሰዓት ቆጣሪዬን ይዤ ከመስመሩ ጀምሮ ጎን ለጎን እየተከተልሁ ደረቷን አያለሁ።

"መምህር" አለችኝ ሻርፗን ዝቅ አድርጋ፤ "አሁን ምን ያዩኛል? ከአሥር ደቂቃ በኋላ ነው እንጂ መታየት ያለብኝ።"

እውነቷን ነው። ሜዳውን አንድ ጊዜ በእርምጃ ዞርንና ድንጋዩ ላይ ተቀመጥን። ሰዓቱን አላጠፋሁትም።

"እስከዚያ ድረስ" አለች፣ "ስለ ኅዳሯ ዜሮ ብናወራስ?"

ሰዓቱን አየሁት። ገና ስድስት ደቂቃ ይቀረን ነበር።