አክተር አይሞትም

ደሴ ውስጥ ቪዲዮ ቤት ያደገ ሰው አንድ ሕግ ያውቃል። አክተር አይሞትም። ጥይት ቢዘንብበት፣ ሕንፃ ቢደረመስበት አቧራውን አራግፎ ይነሳል። አክተር የምንለው ደግሞ አንዱን ብቻ ነው። የቀረው ሁሉ ሟች ነው።

ዛሬ የምጽፈው ስለ አንዱ የፊልም ሟች ነው።

በ1980ዎቹ መጨረሻ ከፒያሳ ወረድ ብሎ በነበረ ቪዲዮ ቤት ካሴት አጠነጥን ነበር። ደሞዜ በነፃ ማየት ነው። ቆርቆሮ ቤት፣ ጥቂት አግዳሚ፣ በመጋረጃ ፈንታ ብርድ ልብስ። ማታ ማታ ባለቤቱ ጋሼ ብርድ ልብሱን አውርዶ ይለብሰው ነበር መሰለኝ፣ ጠዋት እሱን እሱን ይሸታል። ክረምት ላይ የጦሳ ተራራ ጉም በበሩ ሥር እየሾለከ ይገባል። ቻክ ኖሪስ ያለ ቀን ጋሼ ጥቁር ሰሌዳው ላይ በጠመኔ «ቻክ» ብሎ ይጽፋል። ሌላ ማብራሪያ አያስፈልግም። ቤቱ ጢም ይላል።

ቻክ ቬትናም ሄዶ እስረኛ የሚያስፈታበት ፊልም አለ። እዚያ ውስጥ አንድ ጄኔራል አለ፣ ቀዝቃዛ ዓይን ያለው። ቻክ ሌሊት መኝታ ቤቱ ድረስ ገብቶ ይጨርሰዋል። ታዳሚው ያፏጫል። እኔ ግን ሌላ ነገር አይ ነበር። ካሴቱን ቴሌቪዥኑ ሳይጠፋ ወደ ኋላ ስመልሰው ጄኔራሉ ከሞተበት ብድግ ይላል። ምን ያህል ጊዜ እንዳስነሳሁት አላህ ይወቀው። ከአጎቶቼ ፊት ይልቅ የእሱን ፊት ለይቼ ያወቅኩት ያኔ ነው።

ከወራት በኋላ ሌላ ካሴት መጣ። ጥፍሩ የረዘመ ጠንቋይ፣ ከዓይኑና ከአፉ ብርሃን የሚተፋ። ትንንሾቹ ልጆች አግዳሚው ሥር ገቡ። እኔ ግን አወቅኩት።

«ጋሼ፣ ይሄ ሰውዬ ጄኔራሉ አይደል?»

«ቻይና ሁሉ አንድ ነው። አንተ ዝም ብለህ አጠንጥን» አለኝ።

ዝም ብዬ አጠነጠንኩ። በሦስተኛው ፊልም ደግሞ በረዶ በሆነ ክፍል ውስጥ ሰው ሠራሽ ዓይን የሚሠራ ሽማግሌ ሆኖ መጣ። ካፖርቱን ይገፉታል፣ በብርድ ይንቀጠቀጣል። ያንን ትወና ደሴ የኖረ ሰው ሊፈርድ ይችላል፤ ሰውዬው ብርድ ያውቃል።

ስሙን ያገኘሁት ኢንተርኔት ከገባ በኋላ ነው። ጄምስ ሆንግ። «ቻይና» ያልነው ሰውዬ አሜሪካዊ ነው። እ.ኤ.አ. በ1929 (ከዚህ በኋላ ያሉት ዓመታትም የፈረንጅ ናቸው) ሚኒያፖሊስ ተወለደ፣ ዛሬ ሀበሻ በሞላባት ብርዳም የአሜሪካ ከተማ። የብርዱም ነገር እዚያ ተፈታ። ቤተሰቦቹ ከሆንግ ኮንግ የሄዱ ናቸው።

እንደ እብድ ያሳቀኝ ግን ሌላ ነው። ሰውዬው የተማረው ሲቪል ምህንድስና ነው። ሎስ አንጀለስ ውስጥ የመንገድ መሐንዲስ ነበር! እኛ ሰፈር ቻይና ማለት መንገድ ነው። ኮምቦልቻ መውረጃ ላይ ቢጫ ቆብ ያደረገ ሰው ያየ ልጅ ሁሉ «ቻይና! ቻይና!» እያለ ይሮጣል። አንዱ ታዲያ መንገዱን ትቶ ትወና ገባ። በ1954 በአሜሪካዊው ኮሜዲያን በግሩቾ ማርክስ የቴሌቪዥን ጥያቄና መልስ ላይ ቀርቦ የታዋቂ ሰዎችን ድምፅ አስመሰለ፣ በማግስቱ ዓመት ፊልም ላይ ነበር።

ከዚያ በኋላ ያለው ከ400 በላይ ሥራ ነው። አሳላፊ፣ ሰላይ፣ ጄኔራል፣ ጠንቋይ። በዚያ ዘመን ሆሊውድ ለትልቅ የእስያ ገጸ ባሕርይ ነጭ ተዋናይ ይወስድና ዓይኑን በፕላስተር ያጠብባል። ለእነ ሆንግ የሚተርፈው በር መክፈት ነው። ነገሩ ቢመርራቸው በ1965 ከጓደኞቹ ጋር ሎስ አንጀለስ ውስጥ የራሳቸውን ቲያትር አቋቋሙ፣ ኢስት ዌስት ፕሌየርስ የሚባል።

በር መክፈት ስል እኔም ልምድ አለኝ። የትምህርት ቤት ድራማ ላይ ሁልጊዜ ዘበኛ ነበርኩ። «ጌታዬ፣ እንግዳ መጥቷል።» አለቀ። አንድ ጊዜ «እንግዳው ዝናብ መቶታል» ብዬ ጨመርኩ፣ ሕዝቡ ሳቀ፣ አስተማሪዬ ተቆጣ። ሆንግን ሳይ ያ ቀን ትዝ ይለኛል። እሱ ሁልጊዜ አንዲት ነገር ይጨምራል። በ1991 በአንድ የአሜሪካ አስቂኝ ተከታታይ ላይ የምግብ ቤት አስተናጋጅ ነው። እንግዶቹ በጠየቁት ቁጥር «አምስት፣ አስር ደቂቃ» ይላቸዋል፣ ክፍሉ በሙሉ ጠረጴዛ ሲጠብቁ ያልቃል። ፊቱ ላይ ግን ትንሽ ይሉኝታ እንኳ የለም። ይሄን ፊት በየቢሮው መስኮት አይቼዋለሁ።

በ2022 ሆሊውድ የዝነኞች መንገድ ላይ ስሙ የተጻፈበት ኮከብ አኖሩለት። 93 ዓመቱ ነበር። የኮከቡን ክፍያ ያሰባሰበው ሌላው ተዋናይ ዳንኤል ዴ ኪም በኢንተርኔት መዋጮ ጠርቶ ነው። የመንገድ መሐንዲሱ ስም በመጨረሻ መንገድ ላይ ተጻፈ። በቀጣዩ ዓመት የአሜሪካ ተዋናዮች ማኅበር ሽልማት ላይ መድረክ ወጥቶ ያንን የፕላስተር ነገር አነሳው። አልረሳም ማለት ነው።

ባለፈው ቅዳሜ ልጄ የኩንግፉውን ፓንዳ ስታይ እኔ ቡና እየጠበቅኩ ነበር። የፓንዳው አሳዳጊ አባት፣ እሷ «እንዶሚ ሻጩ» የምትለው ዝይ፣ ይለፈልፋል። ድምፁ ሆንግ ነው። «ይሄንን ሰውዬ እኔ ልጅ ሆኜ አውቀዋለሁ» አልኳት። «ዝይ እኮ ነው አባዬ» አለች። ስልኬ ላይ የቻክን ፊልም ፈልጌ ጄኔራሉን አሳየኋት። ቻክ ገባ። ጨረሰው።

ዓይኗ እንባ ሞላ። «ለምን ገደለው? የፓንዳው አባት እኮ ነው!»

«መልሺው» አልኳት።

በጣቷ ወደ ኋላ ጎተተችው።