«ሙከራ» የሚለው ፎልደር

ድሬዳዋ ውስጥ ባለ አንድ የንግድ ኤፍ ኤም ጣቢያ ቴክኒሺያን ሆኜ በሠራሁባቸው ዓመታት ያበላሸሁት ነገር ቀላል አይደለም። ማይክ መዘጋቱን ሳላረጋግጥ ስለ ምሳ የተከራከርነውን ግማሹ የከዚራ ሰፈር ሰምቶታል። የሐዘን መልእክት ተነቦ ሳያልቅ የሰርግ ዘፈን ለቅቄያለሁ። እነዚህ በማግስቱ ተስቆባቸው ያልፋሉ። አሁን የማወራው ግን ማንም አየር ላይ ያልሰማው ጥፋት ነው።

አሥረኛ ዓመታችን ሊከበር አንድ ወር ሲቀረው ሥራ አስኪያጃችን ሰበሰበንና «የጣቢያውን ታሪክ በአራት ክፍል እንሠራለን፤ የመጀመሪያው ክፍል ከሙከራ ስርጭቱ ድምፅ ይውሰድ» አለ። ሁሉም ወደ እኔ ዞረ፤ የድምፅ ክምችቱ በእኔ እጅ ነውና። «አለ» አልኩ። እየዋሸሁ አልነበረም፤ መኖሩን አምኜ ነው።

ከሰዓት ገብቼ ፈለግኩ። ዲስኩን ከላይ እስከ ታች አየሁት፣ በስም ፈለግኩ፣ በቀን ፈለግኩ። የለም። ወንበሬ ላይ ተደግፌ ትንሽ እንደቆየሁ አንድ የግንቦት ሌሊት ትዝ አለኝ፤ ያ ሁሉ ሙቀት እያለ ጀርባዬ ቀዘቀዘ።

ሙከራ ስርጭት ለማያውቅ ሰው፦ ጣቢያ ፈቃድና ፍሪኩዌንሲ ስላገኘ ብቻ ዘሎ መደበኛ ፕሮግራም አይጀምርም። ማሰራጫው የድሬን ሙቀት ይችላል ወይ? ድምፁ የት ደርሶ ይቆረጣል? ኤፍ ኤም እንደ አጭር ሞገድ ሰማይ ነክቶ የሚመለስ ነገር አይደለም። ቀጥ ብሎ ይሄዳል፣ ተራራ ከገጠመው እዚያው ቀረ። ድሬ 1,200 ሜትር ገደማ ላይ ነው ያለችው፣ ሐረር ወደ 1,900 ትጠጋለች፣ መሀላቸው የደንገጎ ዳገት አለ። ስለዚህ አንዱ ባልደረባችን በሚኒባስ ዳገቱን እየወጣ፣ የኪስ ሬዲዮ አንድ ጆሮው ላይ፣ ሞባይል ሌላው ጆሮው ላይ አድርጎ በየመታጠፊያው ይደውላል። «አለ… አለ… አሁን ሄደ።» ተሳፋሪው አሞታል ብሎ ውኃ አቀበለው።

የጣቢያው መሥራች ነጋዴ ነው፤ ጋዜጠኛ አልነበረም። በ2000 ዓ.ም. ሸገር ኤፍ ኤም 102.1 አዲስ አበባ ላይ ሲጀምር እኛ እዚህ የሰማነው ወሬውን ነው፤ ደንገጎን መሻገር የሚያቅተው ኤፍ ኤም አዋሽን ተሻግሮ አይመጣማ። እሱ ግን ለዕቃ አዲስ አበባ በተመላለሰ ቁጥር ጣቢያውን ታክሲ ውስጥ ሲሰማ ከርሞ «ሰው ማስታወቂያውንም እያዳመጠ ነው እኮ!» ብሎ ተመለሰ። ሐሳቡ ያው ይኼ ነበር። ከጋዜጠኛ ቀድሞ የማስታወቂያ ሠራተኛ ቀጠረ፤ ያን ጊዜ ስቀንበታል፣ በኋላ ደመወዛችን በሰዓቱ ሲገባ ግን ዝም አልን።

ወደ ሙከራው ልመለስ። እነዚያን ሳምንታት በሙሉ ቀድተናል፣ ያውም ሳይጨመቅ፣ በዋቭ። የዘወትር ስርጭት የሚመዘገበው ተጨምቆ ስለሆነ አንድ ሰዓት 29 ሜጋባይት ያህል ቢይዝ ነው። ዋቭ ግን በደቂቃ 10 ሜጋባይት ገደማ፣ በሰዓት 600 ይበላል። የመቶ ሃያ ሰዓት ቅጂ ከ70 ጊጋባይት በላይ ሆነ። ፎልደሩንም «ሙከራ» አልነው። ሌላ ምን እንበለው?

ውስጡ ብዙ የማይረባ ነገር ነበረበት፤ አንድ ሁለት፣ አንድ ሁለት፣ ይሰማል ወይ የሚል። ግን ሼፍም እዚያ ውስጥ ነበሩ። ሼፍ የምንላቸው የምድር ባቡር ጡረተኛ ናቸው። ሰፈራቸው ለስቱዲዮው ቅርብ ስለሆነ መንገድ ላይ አግኝተናቸው ነው ያስገባናቸው፤ ማይክ የሚሞክር ሰው አጥተን። «አንድ ሁለት ከምትሉ እስቲ ልንገራችሁ» ብለው ጀመሩ። ለአሥራ አንድ ቀን በየቀኑ መጡ።

ባቡሩ በ1895 ዓ.ም. ድሬ እንደደረሰ፣ መጀመሪያ ሐረር ሊወጣ ታስቦ ዳገቱና ወጪው ስለከበደ ከተራራው ሥር እንደቀረ፣ ከተማዋም አዲስ ሐረር ትባል እንደነበር ማንም አንብቦ ይነግርሃል። ሼፍ የሚያወሩት የእጃቸውን ሥራ ነበር። አትሊየር ማለትም የባቡሩ መጠገኛ ውስጥ ፉርጎ ሲገባ ገና ከሩቅ በጩኸቱ የቱ ፍሬን እንዳለቀ እንደሚለዩ ይናገሩና ድምፁን በአፋቸው ያወጡታል። ያለቀው ፍሬን «ሲይይይ» ይላል፣ አዲሱ «ሽሽ» ብሎ ይቆማል። አማርኛውን ከኦሮምኛ፣ ሶማሊኛውን ከፈረንሳይኛ እየቀላቀሉ፣ መሀል ላይ «አቦ ውኃ አምጣ እስቲ!» ብለው ማይኩ ሳይዘጋ ያዙኛል። የሚያዙት እኔን ነው። ያም ተቀድቷል። መደበኛ ስርጭት ስንጀምር ለእሳቸው የሚሆን ፕሮግራም አልተገኘም፤ ስፖንሰር የለውም ተባለ። ከዚያ ሁለት ዓመት ሳይሞላ አረፉ።

አሁን ወደዚያ ሌሊት። በ2011 ዓ.ም. የወጣው የምግብና መድኃኒት አስተዳደር አዋጅ፣ ቁጥር 1112፣ የአልኮል ማስታወቂያን ከሬዲዮና ከቴሌቪዥን ጨርሶ አስወጣ። ቀድሞ የተከለከለው ጠንካራው መጠጥ ነበር፤ ቢራ እንደ ልቡ ይነገር ነበር። ክልከላው ተፈጻሚ የሆነው ግንቦት ላይ ነው። የእኛ የስፖርት ፕሮግራሞች ደግሞ ኳስ በቢራ ተጠቅልሎ ነበር የሚቀርብባቸው፤ የአየር ሰዓት የገዙት ተባባሪ አዘጋጆች ውል ሲፈርስባቸው ኮሪደሩ ለቅሶ ቤት መሰለ። ሥራ አስኪያጁ ለእኔ ያለኝ አጭር ነው፦ «ከነገ ጀምሮ አንዲት የቢራ ስፖት ብትወጣ ቅጣቱን ካንተ ነው የምቆርጠው።»

ያስፈራኝ ቅጣቱ ብቻ አይደለም። ማስታወቂያ የሚለቀው ኮምፒውተር ስፖቱን የሚያውቀው በቁጥር ነው። አንድ የተረሳ ቁጥር ሰልፉ ውስጥ ከቀረ ማንም ሳይነካው ሌሊት 9 ሰዓት ላይ «ቺርስ!» ብሎ ይወጣል። ስለዚህ ከሰልፉ ማውጣት አይበቃኝም፣ ከዲስኩ ልነቅለው ወሰንኩ። እኩለ ሌሊት አልፏል፣ ሙቀቱ ሸሚዝ ያስወልቃል፣ ያለችው አንዲት ኤር ኮንዲሽነር ደግሞ የምትሠራው ለማሽኑ ነው። ዲስኩ ሊሞላ ስለተቃረበ ቀይ ያበራል። «ሙከራ» የሚለውን ከፈትኩት። ከላይ የተደረደሩት ስድስት ፋይሎች ቢራ፣ ቢራ፣ ቢራ ይላሉ፤ በሙከራው ጊዜ ደንበኛ ለማባበል በነጻ ያስተላለፍናቸው ናቸው። ወደ ታች አልወረድኩም። ሙከራ አይደል፣ ጉድፍ ነው አልኩ። ሺፍትና ዲሊትን አብሬ ተጫንኩ። ኮምፒውተሩ «እርግጠኛ ነህ?» ብሎ ጠየቀኝ። እንደዚያ ሌሊት እርግጠኛ ሆኜ አላውቅም። ከ70 ጊጋ በላይ ቦታ ሲለቀቅ ደስ ብሎኝ ወጥቼ ሻይ ጠጣሁ።

ይኼን ለሥራ አስኪያጁ ለመናገር ሁለት ቀን ፈጀብኝ። በሁለቱ ቀን የጠፋ ፋይል በሚያወጣ ፕሮግራም ዲስኩን ስቆፍር አደርኩ። ፋይል ሲሰረዝ ወዲያው አይጠፋም፣ ቦታው ክፍት ነው ተብሎ ይመዘገባል እንጂ፤ ሌላ እስኪጻፍበት ድረስ እዚያው ይተኛል። ወዲያው በነጋታው ብነቃ ኖሮ አብዛኛውን አተርፈው ነበር። ግን ያው ዲስክ ላይ የዕለት ስርጭት መዝጋቢው ሌት ተቀን ሲጽፍበት ከርሟል፣ ሲሞላ የአሮጌውን እያጠፋ፣ ደግሞ እየጻፈ። ካወጣኋቸው ቁርጥራጮች ረጅሙ 11 ሰከንድ ነው። ባልደረባችን ከደንገጎ መታጠፊያ፦ «አሁን ሄደ… ሄሎ? አሁን ሄደ።»

ስነግረው ሥራ አስኪያጁ አልጮኸም። ቢጮህ ይሻለኝ ነበር። «የዕለቱ ምዝገባስ?» አለ። ሕጉ ምዝገባ አስቀምጡ የሚለው ለተወሰነ ጊዜ ነው፣ ቅሬታ ቢመጣ እንዲታይ፤ እኛም ጊዜው ሲያልፍ እየደመሰስን እንደገና እንጽፍበታለን። የአሥር ዓመት ጣቢያ ነን፣ በእጃችን ያለው ግን የአንድ ወር ከምናምን ድምፅ ነው። ያን ቀን ነው ሁላችንም የገባን። ብቻዬን ጥፋተኛ ነኝ እንዳልል «ታሪኩን ማን ያስቀምጥ?» ብሎ የጠየቀ አንድም ሰው አልነበረም፤ ንጹሕ ነኝ እንዳልል ደግሞ ቁልፉን የተጫነው የእኔ ጣት ነው።

ያዳነችን የሒሳብ ክፍሏ ልጅ ናት። «የተከፈለባቸው ስፖቶች እኔ ጋ አሉ እኮ» አለች። ደንበኛ አልተላለፈልኝም ብሎ ሲከራከር ማስረጃ እንዲሆናት ከየውሉ ጋር ለብቻ ዲስክ ላይ ስታስቀምጥ ኖራለች። የመጀመሪያው ዓመትም አለ።

ሦስት ቀን ሙሉ ማስታወቂያ አዳመጥኩ። እዚሁ ድሬ ታይዋን ገበያ ያለ ሱቅ አንዱን ስፖት በአማርኛ፣ በኦሮምኛና በሶማሊኛ አስነግሯል፤ በአማርኛው «ቅናሽ» ብቻ ያለው በሶማሊኛው ዋጋውን ዘርዝሯል። ለምን እንደሆነ እስካሁን አልገባኝም። የሲዲ መሸጫ አለ፣ የኢንተርኔት ቤት አለ፣ ዛሬ ዱካቸው የሌለ። የመጀመሪያዋ ዜና አንባቢያችን አለች፣ ጅቡቲ ከመሄዷ በፊት፣ ስለ ፍራሽ በዜና ድምፅ ስታወራ። ከውሎቹ ጋር የመጀመሪያው የዋጋ ዝርዝራችንም ተገኘ። ከአዲስ አበባ እንዳለ የተገለበጠ ነው፤ ጠዋትና አመሻሽ ውድ፣ ከሰዓት ርካሽ። ድሬ ከሰዓት በኋላ ሱቁን ዘግቶ፣ በርጫው ላይ ተጋድሞ፣ ሬዲዮ ከፍቶ የሚውል ከተማ ነው! ማስታወቂያ የሚያስነግረው ነጋዴ ይኼን ከእኛ ቀድሞ አውቆ ለአንድ ዓመት ተኩል ያህል ዋናውን ሰዓት በርካሽ ሲገዛን ኖሯል። በዓሉ ላይ ይኼን ስናወራ የደወሉት ነጋዴዎች ሳቃቸው አያልቅም።

በሦስተኛው ቀን ወደ ማታ አንድ የቀለም መሸጫ ስፖት ከፈትኩ። ሠላሳ ሰከንድ ነው። «አቦ ስሙኝማ! ሠላሳ ዓመት ፉርጎ ቀብቻለሁ፣ ቀለም ከእኔ ጠይቁ።» ሼፍ ናቸው። ከሙከራው በኋላ የማስታወቂያ ሠራተኛው መንገድ ላይ አግኝቷቸው፣ ለአንድ ሻይና ለትንሽ ብር አናግሯቸው ኖሯል። ቀለም ቀቢ እንኳ አልነበሩም፣ የፍሬን ሰው ናቸው። መጨረሻ ላይ «ሽሽ» የሚል ድምፅ አለ። ማንም ብሩሽ ነው ብሎ ነው የሚሰማው፤ እኔ አዲሱ ፍሬን መሆኑን አውቃለሁ።

በበዓሉ ዕለት አስተላለፍናት። ሥራ አስኪያጁ የሙከራው ቅጂ በጣቢያው ስህተት መጥፋቱ አየር ላይ እንዲነገር አደረገ፤ የእኔን ስም አላነሳም። ከዚያ በኋላ ማንኛውም ነገር ከዲስክ ሲሰረዝ ሁለት ሰው አዳምጦት፣ ወረቀት ላይ ፈርሞ ሆነ። ከየሳምንቱም አንድ ሰዓት እየተመረጠ በሒሳብ ክፍሏ ካዝና ውስጥ ይቀመጣል። ካዝናው የእሷ እንዲሆን የጠየቅኩት እኔ ነኝ።

ከበዓሉ በኋላ በአራተኛው ቀን አንዲት ጠና ያሉ ሴት ፍላሽ ይዘው መጡ። የሼፍ ልጅ ናቸው። የጆሮ ማዳመጫውን ሰጠኋቸው፣ ሦስት ጊዜ ሰሙት። በሦስተኛው «ሽሽ» ሲል አፋቸውን በነጠላቸው ሸፈኑ።

«ብዙ ቀን ሄጄ አውርቻለሁ ብሎኝ ነበር። ሌላው የታለ ልጄ?»

«ጠፍቷል፣ እትዬ።»

«ማን አጠፋው?»

«እኔ ነኝ።»

ዝም ብለው አዩኝ። ማራገቢያው ይሽከረከራል። ከውጪ ባጃጅ ላይ የራሳችን ጣቢያ ይሰማል። ቆይተው «በል ሁለት ቦታ ገልብጥልኝ፤ አንዱን ጅቡቲ ላለው ወንድሜ ነው» አሉና ፍላሹን ጠረጴዛው ላይ ገፋ አደረጉልኝ።

ፋይሉ «ቀለም ቤት፣ 30 ሰከንድ» ነው የሚለው። ልገለብጠው ስል እጄ ቆመ። ያን ሁሉ ቀን ውኃ ሳመጣላቸው ሼፍ ከማለት ሌላ ስማቸውን አላውቀውም ነበር። ጠየቅኳቸው። ከነአያታቸው ነገሩኝ፣ እኔም በአንድ ጣት እየፈለግኩ ጻፍኩት። አጎንብሰው ስክሪኑን አዩና «አንድ ፊደል ገድፈሃል» አሉኝ።