የጠዋት ድንች ጥብስ የሚጀመረው ማታ ነው

ለቁርስ ድንች ልጥበስ ያለ ሰው አብዛኛውን ጊዜ ጠዋት ይነሳና ጥሬውን ልጦ፣ ከትፎ፣ ዘይት ውስጥ ይጨምረዋል። ልጆቹ ጫማ እያሰሩ፣ የትምህርት ቤቱ ሰርቪስ በር ላይ ክላክስ እያደረገ፣ ድንቹ ከውጭ ጠቁሮ ከውስጥ ጥሬ ሆኖ ይወጣል። እኛ ቤት ድንቹ የሚቀቀለው ማታ ነው። እራት ተበልቶ ዕቃ ሲታጠብ ድንቹ ከነልጣጩ ስቶቭ ላይ ይጣዳል። ጠዋት የሚቀረኝ መላጥ፣ መቁረጥና መጥበስ ብቻ ነው። እሱም ሻይ ፈልቶ ልጆቹ ተጣጥበው እስኪለብሱ ይደርሳል።

ይህን ለመጻፍ ያነሳሳኝ ድንች ሲናቅ መስማቴ ነው። ስለ ጨጨብሳ ሲወራ ቅቤው እንዴት እንደተነጠረ ይጠየቃል። ስለ ፍርፍር ሲወራ ቁሌቱ በደንብ መብሰሉ ይነሳል። ድንች ላይ ሲደረስ ግን «እሱማ ምን አለው፣ ዘይት ውስጥ ጣል ማድረግ ነው» ተብሎ ይታለፋል። እኔ በዚህ አልስማማም። ድንች ጊዜ ከሰጡት ከላይ ወርቃማ ቅርፊት አውጥቶ፣ ከውስጥ ለስላሳ ሆኖ፣ ከሻይ ጋር እጅ የሚያስቆረጥም ቁርስ ነው። በየቤቱ ስለሚገኝ ብቻ እንደነገሩ መሠራት የለበትም።

ከግዢው ልጀምር። በሰፈራችን ጉልት የምገዛቸው እናት «ለወጥ ነው ለጥብስ?» ሳይሉ አይመዝኑልኝም። «ለጥብስ ነው እማማ» ስላቸው እጃቸውን ከክምሩ ሥር ሰደው ደረቅ ደረቁን ይመርጡልኛል። ትክክል ናቸው። ለጥብስ የሚሆነው ዱቄት የበዛበት ድንች ነው። ውሃ የበዛበት ለአልጫ ጥሩ ነው፣ ቅርጹን ይዞ ይበስላል። መጥበሻ ላይ ሲሆን ግን ውሃውን እየተፋ ዘይቱን ያቀዘቅዘውና እንደ መጠበስ ሳይሆን እንደ መቀቀል ይሆናል። ቤት ገብቶ ለመለየት ደግሞ ቀላል ዘዴ አለ። አንዱን ድንች ለሁለት ቆርጬ የተቆረጠውን ፊት ከተቆረጠው ፊት ጋር አሻሸዋለሁ። ነጭ አረፋ አውጥቶ ጥብቅ ካለ ዱቄታማ ነው። እያሟለጨ ከተንሸራተተ ለወጥ ይቀመጣል።

ድንች ሁሉ አንድ አይደለም። ከሆለታ ግብርና ምርምር ማዕከል ብቻ ስንት ዓይነት ወጥቷል፤ ጃለኔ በ2002፣ ጉደኔ በ2006፣ በለጠ በ2009 እ.ኤ.አ. የተለቀቁ ናቸው። ገበሬው በስማቸው ያውቃቸዋል። ጉልት ሲደርሱ ግን ስማቸው ይቀርና ሁሉም «ድንች» ይሆናሉ፤ ቢበዛ «የሻሸመኔ ነው» ወይም «የሆለታ ነው» ቢባል ነው። ጤፍ ስንገዛ ማኛ፣ ሠርገኛ እያልን እንለያለን። ድንችንም እንዲሁ በስሙ እየጠራን የምንገዛበት ቀን ቢመጣ ደስታዬ ነው። የሚጠብሰውም ወጥ የሚሠራውም ምን ይዞ ቤቱ እንደገባ ያውቅ ነበር።

እናቴ ያደገችው እንጅባራ አካባቢ ነው። እዚያ ድንች አይናቅም። ክረምት ላይ ጎተራው ሲጎድል፣ እህሉ ገና ማሳ ላይ እያለ፣ ቀድሞ የሚደርሰው እሱ ነው። ሁሉም በአንዴ አይቆፈርም፤ የተወሰነው አፈር ውስጥ ይቆይና ለዕለቱ የሚበቃው ያህል እየተቆፈረ ይወጣል። የልጅነት ቁርሷ ረመጥ ውስጥ የበሰለ ድንች፣ አለዚያም ከነልጣጩ የተቀቀለ በሚጥሚጣ ነበር። እኔን ያሳደገችኝም በዚሁ ነው።

ድንች አገራችን የገባው በ1858 እ.ኤ.አ. እንደሆነ ተጽፏል፤ ያስገባውም ሺምፐር የተባለ ጀርመናዊ የዕፅዋት ተመራማሪ ነው። ለብዙ ዓመታት ሰው ሳይለምደው ቆይቶ በሰፊው መተከል የጀመረው በዚያው ክፍለ ዘመን መጨረሻ፣ በክፉ ቀን ረሃብ የተነሳ ነው። ከብቱ በበሽታ አልቆ የሚያርስ በሬ በጠፋበት ዘመን፣ በእጅ ተቆፍሮ የሚተከልና በጥቂት ወራት የሚደርስ ምግብ ለአንድ ቤተሰብ ምን ማለት እንደነበር መገመት አያቅትም። እናቴ ድንች ስትልጥ ልጣጩን እንደ ወረቀት የምታሳሳው ለምን እንደሆነ የገባኝ ይህን ካነበብኩ በኋላ ነው።

ወደ ድስቱ ልመለስ። ለአምስት ሰው አንድ ኪሎ ድንች ይበቃል። መካከለኛ መካከለኛውን መርጬ፣ አፈሩን በደንብ አጥቤ፣ ከነልጣጩ በቀዝቃዛ ውሃ እጥደዋለሁ። የፈላ ውሃ ውስጥ የገባ ድንች ዳር ዳሩ ፈርሶ መሐሉ ጥሬ ይሆናል። ቀዝቃዛ ውሃ ውስጥ ሲጀምር ግን ሙቀቱ ቀስ እያለ እኩል ይገባለታል። ጨውም ያኔውኑ፣ አንድ የሾርባ ማንኪያ ያህል እጨምርበታለሁ።

በዩቲዩብ የውጭ አገር ምግብ አሠራር እያዩ የሚያበስሉ ጓደኞቼ «15 ደቂቃ ይላል፣ የእኔ ግን አይበስልም» ይሉኛል። ምክንያት አለው። አዲስ አበባ ከባሕር ጠለል በላይ 2,300 ሜትር ገደማ ላይ ስለሆነች ውሃ የሚፈላው በ100 ዲግሪ ሳይሆን በ92 ዲግሪ አካባቢ ነው። ድንቹ የሚበስለው በዚያ ውሃ ነውና ከባሕር ዳርቻ ከተሞች ይልቅ እዚህ ረዘም ያለ ጊዜ ይፈልጋል። እሳቱን መጨመር ውሃውን ያንተከትከዋል እንጂ አያግለውም። ስለዚህ ሰዓት አላይም፤ ቢላ እሰካበታለሁ። ቢላው ገብቶ መሐሉ ላይ ትንሽ ሲይዝ ድንቹ ይወጣል። ለጥብስ የሚሆን ድንች ድቅቅ እስኪል መቀቀል የለበትም፣ ጠዋት መጥበሻው ላይ ገና ይበስላል።

ውሃውን ወዲያው አጠልለዋለሁ፤ ክዳን አልደፋበትም። እንፋሎቱ ሲወጣ የድንቹ እርጥበትም አብሮ ይወጣል። ሲቀዘቅዝ ፍሪጅ ይገባና ያድራል። ማደሩ ትልቅ ነገር ነው። ትኩስ የተቀቀለ ድንች ቢላ ሲነካው ይፈርሳል፣ መጥበሻ ላይም ይቦካል። ያደረው ግን ጠንከር ብሎ ንጹሕ ሆኖ ይቆረጣል። ይህ ለተቀቀለው ብቻ መሆኑን ልብ በሉልኝ። ጥሬ ድንች ለመጥበስ ካሰባችሁት ፍሪጅ ውስጥ አታቆዩት፤ ብርድ ሲቆይበት ዱቄቱ ወደ ስኳር ይለወጥና ሲጠበስ ሳይበስል ይጠቁራል። ጥሬው ነፋስ በሚያገኘው ጨለማ ቦታ፣ ጆንያ ውስጥ ነው የሚቀመጠው። ብርሃን ያገኘው ቆዳው አረንጓዴ ይሆናል፤ አረንጓዴው ምሬት ብቻ ሳይሆን መርዝም ስላለው በጥልቀት ተቆርጦ ይጣላል፣ ብዙው ከሆነ ድንቹ በሙሉ ይጣላል።

ማታ መቀቀል ሌላም ጥቅም አለው። ጠዋት መብራት ቢጠፋ ቁርስ አይቀርም። የበሰለ ድንች በትንሿ ቡታጋዝ ላይ ወይም በአንድ ምድጃ ከሰል ወዲያው ይደርሳል።

ጠዋት 12 ሰዓት ተኩል ላይ ልጣጩን በጣቴ እገፈዋለሁ፤ ያለ ቢላ ይወጣል። ከዚያ አንድ ጣት በሚሆን ውፍረት እቆርጠዋለሁ። ከዚያ ካነሰ ይደርቃል፣ ከበለጠም ቅርፊቱ ያንስበታል።

መጥበሻዬ ከባዱ የብረት መጥበሻ ነው። ስስ መጥበሻ ድንቹ ሲገባበት ወዲያው ይቀዘቅዛል፣ ከባዱ ግን ሙቀቱን ይይዛል። መጀመሪያ ባዶውን አግለዋለሁ፣ ከዚያ አራት የሾርባ ማንኪያ ዘይት። ስለ ዘይቱ አንድ ነገር ልበል። የሚረጋው ዘይት ለመጥበስ ምንም አይልም፣ ምሳ ዕቃ ውስጥ ሲቀዘቅዝ ግን ነጭ ሆኖ ይረጋና ልጁ ሲበላው ላንቃው ላይ ይለጠፍበታል። ለምሳ ዕቃ የሚሄድ ከሆነ የሱፍ ዘይት ይሻላል። የኑግ ዘይት የሚወድ ሰው ደግሞ ይጠቀምበት፤ ጠረኑ ከድንች ጋር ይሄዳል፣ እናቴ ከእሱ ሌላ አትፈልግም።

ዘይቱ ሲግል አንድ ቁራሽ ጣል አደርጋለሁ። ወዲያው ከጮኸ ሌላውም ይገባል። በአንድ ረድፍ፣ ሳይደራረብ። አንድ ኪሎ በአንዴ መጥበሻው አይችለውም፣ ሁለት ጊዜ ከፍዬ እጠብሰዋለሁ። ታጭቆ የገባ ድንች በራሱ እንፋሎት ይላቁጣል።

ከዚህ በኋላ ያለው ነው ዋናው፤ አለመንካት። ማማሰያ የያዘ እጅ ዝም ማለት ይከብደዋል፣ አውቃለሁ። ድንች ግን መጀመሪያ ሲገባ ብረቱን ጨብጦ ይይዛል። ያኔ ቢገፉት ቅርፊቱ መጥበሻው ላይ ይቀርና ባዶ ገላው ይነሳል። አራት አምስት ደቂቃ ከተዉት በራሱ ይለቃል። ጆሮ ይነግራችኋል። መጀመሪያ ድምፁ እርጥብ ነው፣ ውሃው እየወጣ ይንጫጫል። ቆይቶ ረገብ ይልና መንጣጣት ይጀምራል። መጥበሻውን በእጀታው ይዤ ነቅነቅ ሳደርገው ቁራጮቹ ተንሸራተው አብረው ከሄዱ ደርሰዋል ማለት ነው። አንዱን ስገለብጠው ሥሩ ወርቃማ ነው፣ ጠርዙ ላይ ቡናማ መስመር አለው፣ በማንኪያ ጫፍ ሲነካ ቀጭ ይላል። ያኔ ሁሉም ይገለበጣል፣ እንደገናም ይተዋል።

ሽንኩርት የሚገባው ሁለተኛው ፊት ቀላ ሲል ነው። ብዙ ቤት እንደ ወጥ ቁሌት ከሽንኩርት ይጀመራል፤ ለጥብስ ድንች ይህ አይሆንም፣ ድንቹ እስኪቀላ ሽንኩርቱ አርሮ ይመራል። ድንቹን ወደ ዳር ገፋ አድርጌ መሐል ላይ በቁመቱ የተከተፈ አንድ ቀይ ሽንኩርት እጨምራለሁ፣ ለስለስ ሲል አንድ ላይ አዋህደዋለሁ። የተሰነጠቀ ቃሪያ፣ ከግቢው አጥር የቀነጠስኩት አንድ ዘለላ የጥብስ ቅጠል፣ መጨረሻ ላይ በስሱ የተከተፈ ነጭ ሽንኩርት። ጨው ይቀመሳል፤ ሲቀቀል የገባው ስላለ ትንሽ ይበቃል። ቁንዶ በርበሬ ከወፍጮው ላይ። ሚጥሚጣ የምወድ ብሆንም እሳት ላይ እያለ አልነሰንስበትም፤ የጋለ ብረት ሲነካው ይቃጠልና ቤቱን ሙሉ ያስላል። ከእሳት ከወረደ በኋላ ሳህን ላይ ነው።

ይህን ቁርስ ከሁሉ አስበልጬ የምወድበት ምክንያት ከአንድ መጥበሻ ሁሉንም ማብላቱ ነው። እናቴ አብራን ነው የምትኖረው። ረቡዕና ዓርብን፣ ዐቢይ ጾምን፣ ፍልሰታን፣ አንዱንም አታልፍም። ትንሹ ልጄ ገና ሰባት ዓመት አልሞላውም፣ ጠዋት መብላት አለበት። ሁለት ዓይነት ምግብ መሥራት ሳያስፈልገኝ፣ ልጁ ጠዋት ትኩሱን ይበላል፤ የእሷ ድርሻ ተቀቅሎ ሳይጠበስ ይቀመጥና 9 ሰዓት ላይ ከቤተ ክርስቲያን ስትመለስ እጠብስላታለሁ። በሰናፍጭ ነው የምትወደው። አንድ ጊዜ «እማዬ፣ የጠዋቱን ላሙቅልሽ?» ብላት «የተሞቀ ድንች የሰው ፊት ነው፣ አዲሱን ጥበሺልኝ» አለችኝ። ከዚያ ወዲያ የእሷን አዲስ እጠብሳለሁ።

በፍስክ ቀን ባለቤቴ እንቁላል ይሰብርበታል። እንቁላሉ የሚገባው ቅርፊቱ ከጠነከረ በኋላ ነው፣ እሳቱን ቀንሶ። እኔ ደግሞ ግማሽ ማንኪያ የተነጠረ ቅቤ ማውረጃው ላይ ጣል አደርጋለሁ። በቅቤ ብቻ መጥበሱን አልደግፍም፤ ቅመሙ በረጅም እሳት ይጠፋል፣ መጨረሻ ላይ ሲገባ ግን ኮረሪማውም በሶብላውም ለብቻቸው ይሸታሉ።

ልጆቹ የሚወዱት ዳቦ ውስጥ ነው። ለምሳ ዕቃ ስሠራ ዳቦውን ሰንጥቄ ፊቱን እዚያው መጥበሻ ላይ አሳርፈዋለሁ፣ የቀረውን ዘይት ይጠጣል። ድንቹን ሳህን ላይ ዘርግቼ እስኪበርድ እጠብቃለሁ፤ ትኩሱ ከተከደነ ላብ ያወጣና ቅርፊቱ ይልማል። ለትልቋ ቃሪያው አብሮ ይገባል፣ ለትንሹ ይወጣል። ዳቦው በወረቀት ይጠቀለላል፣ ፌስታል ግን ያርሰዋል።