ቸኮሌት ፈጅ በበሶብላ አበባ (አዲስ አበባ ከፍታ ላይ)

ፎቶውን አይታችሁት ይሆናል፣ ቸኮሌት ፈጅ ላዩ ላይ ጽጌረዳ ተበትኖበት፣ አንዳንዱ ላይ ላቬንደር፣ በነጭ ወረቀት ተጠቅልሎ ሰርግ ላይ የሚታደል የሚመስል ነገር፣ እና ሰው እሱን እየላከልኝ "ይሄ ነገር አዲስ አበባ ይሰራል ወይ?" ይለኛል። ይሰራል፣ ለምን አይሰራም። ግን ሁለት ነገር ሳታውቁ ከገባችሁበት ስኳር ነው የምትጨርሱት፣ አንዱ የከፍታው ጉዳይ ነው ሌላው አበባው ከየት ይምጣ የሚለው ነው። ሶስተኛም አለ እሱ ግን የራሴ አስተያየት ነው፣ ቸኮሌት ላይ ጽጌረዳ ከምትጨምሩ በሶብላ ጨምሩ፣ አዎ ያው ሽሮና በርበሬ ውስጥ የሚገባው በሶብላ፣ ቆይ አትሳቁ እመጣበታለሁ።

ፈጅን ለማታውቁት፣ ስኳርና ወተት ከካካዎ ጋር ፈልቶ፣ ቅቤ ገብቶበት፣ ከዛ ቀዝቀዝ ሲል በደንብ ተመትቶ የሚረጋ ጣፋጭ ነው፣ ኬክም አይደለም ከረሜላም አይደለም፣ ጥርስ ሲያርፍበት ይቆረጣል አፍ ውስጥ ግን ወዲያው ይሟሟል። የአሜሪካኖች ነገር ነው። ኤመሊን ባተርስቢ ሃርትሪጅ የምትባል የቫሳር ኮሌጅ ተማሪ በደብዳቤዋ ላይ በፈረንጆቹ 1886 ባልቲሞር ውስጥ ፓውንዱ በ40 ሳንቲም ይሸጥ እንደነበር ጽፋለች፣ እሷም አሰራሩን አግኝታ በ1888 ለኮሌጁ ጨረታ 30 ፓውንድ ሰርታለች፣ በኛ ወደ 13 ኪሎ ተኩል መሆኑ ነው፣ ያን ሁሉ በእጅ መምታት እንግዲህ አስቡት።

ወደ ከፍታው። የምታገኙት አሰራር ሁሉ ማለት ይቻላል "114 ዲግሪ ሲደርስ አውርዱት" ይላል፣ አንዳንዱ 112 አንዳንዱ 116። ያ ቁጥር የባህር ጠለል ቁጥር ነው። አዲስ አበባ ወደ 2,350 ሜትር ገደማ ላይ ናት፣ እዚህ ውሃ የሚፈላው በ100 ሳይሆን በ92 አካባቢ ነው፣ ሽምብራ ቀኑን ሙሉ ተጥዶ አልበስል ሲላት የተማረረች ሴት ሁሉ ይሄን ሳትማር ታውቀዋለች። የስኳሩም ነገር ያው ነው። ቴርሞሜትሩ የሚያሳየው ሙቀቱን ይሁን እንጂ እኛ በሱ ማወቅ የፈለግነው ድስቱ ውስጥ ምን ያህል ውሃ እንደቀረ ነው፣ ፈጅ የሚሆነው ስኳሩ ከመቶ 85 አካባቢ ሲደርስ ነው፣ እና አዲስ አበባ ላይ እዛ የሚደርሰው 106 ላይ ነው። እናንተ 114 እስኪል ቆማችሁ ከጠበቃችሁ ባህር ዳርቻ ላለ ሰው 122 አሳለፋችሁት ማለት ነው፣ ያ ደግሞ ጥርስ የሚነቅል ከረሜላ እንጂ ፈጅ አይደለም። ከዛ "አሰራሩ ውሸት ነው" ይባላል። አሰራሩ ውሸት አይደለም፣ የሌላ ሰፈር ነው።

የራሳችሁን ቁጥር ማወቅ ቀላል ነው፣ ቴርሞሜትሩን የሚንፈቀፈቅ ውሃ ውስጥ ክተቱት (የድስቱን ቂጥ ሳይነካ)፣ ያሳያችሁ ቁጥር ከ100 በስንት ያንሳል? ያንኑ ያህል ከ114 ላይ ቀንሱ በቃ። ድሬዳዋ 4 ዲግሪ ገደማ ነው የሚቀነሰው፣ ሐዋሳ 6፣ ደብረ ብርሃን 9 እና ከዛ በላይ። ዴንቨር ያላችሁ የኛ ሰዎችም 5 ዲግሪ ገደማ አለባችሁ፣ ዲሲና ዱባይ ያላችሁ ግን እንደተጻፈው ሂዱበት።

ቴርሞሜትር ከሌለ ደግሞ አትጨነቁ፣ እንደውም ለኔ ያለሱ ይሻላል። በብርጭቆ ቀዝቃዛ ውሃ አጠገባችሁ አስቀምጡ፣ ከሚፈላው በማንኪያ ጫፍ ጠብ አድርጉበት፣ ተበትኖ ውሃውን ካደፈረሰው ገና ነው፣ ውሃው ውስጥ በጣታችሁ ስትሰበስቡት ለስላሳ ድቡልቡል ከሆነና ከውሃው ሲወጣ ጣት ላይ ጠፍጠፍ ካለ ደርሷል፣ ወዲያው አውርዱት። የድሮ ሰዎች የሚለኩት በዚህ ነበር። ደግሞ ይሄ መላ ከፍታ የሚባል ነገር አያውቅም፣ ደብረ ብርሃንም ዱባይም ድቡልቡሉ አንድ ነው።

መጠኑ፣ 400 ግራም ስኳር፣ 40 ግራም ምንም ያልተጨመረበት የካካዎ ዱቄት፣ አንድ ስኒ ወተት (240 ሚሊ ሊትር የሚይዘው ትልቁ፣ የቡና ስኒ እንዳታደርጉት)፣ 40 ግራም የገበታ ቅቤ፣ ቁንጥር ጨው፣ አንድ የሾርባ ማንኪያ ማር። ማሩ ለጣዕም ብቻ እንዳይመስላችሁ፣ ማር ውስጥ ያለው ስኳር ዓይነቱ ሌላ ስለሆነ ነጩ ስኳር እርስ በርሱ ተያይዞ ጠጠር እንዳይሰራ መሃል እየገባ ይከለክለዋል። ፈረንጆቹ ለዚህ የበቆሎ ሽሮፕ ያደርጋሉ፣ እኛ ማር እያለን ለምን ብለን። ድስቱ ቂጡ ወፍራም ይሁን፣ ትልቅም ይሁን ምክንያቱም ወተቱ ሲፈላ ይገነፍላል።

ስኳር፣ ካካዎ፣ ጨው፣ ማርና ወተቱን ለብ ባለ እሳት እያማሰላችሁ ስኳሩን አሟሙት፣ ከፈላ በኋላ ግን ማማሰያውን አስቀምጡ። የድስቱ ጎን ላይ የተለጠፈ ስኳር ካለ በእርጥብ ብሩሽ ወደ ታች አውርዱት፣ አንዷ ያልሟሟች ቅንጣት ተመልሳ ከገባች ሌሎቹን ትጠራና ሙሉው ድስት ይሻክራል። ሲደርስ አውርዱና ቅቤውን ላዩ ላይ ጣል አድርጉ፣ አታማስሉት! እዚህ ላይ ነው ሰው ትዕግስት የሚያጣው። በትኩሱ ከተመታ ክሪስታሉ ትልልቅ ይሆንና አሸዋ አሸዋ ይላል፣ የድስቱን ቂጥ በእጅ መዳሰስ እስኪቻል (45 ዲግሪ አካባቢ መሆኑ ነው) ጠብቃችሁ ከመታችሁት ግን ክሪስታሉ ምላስ እስከማያገኘው ድረስ ደቃቅ ይሆናል። ከዛ በእንጨት ማማሰያ ምቱት፣ ክንድ ይፈልጋል፣ መጀመሪያ ያብረቀርቃል፣ እየቆየ ይከብዳል፣ ማብረቅረቁ ጠፍቶ ደብዘዝ ሲል አንድ ደቂቃ እንኳን ሳታባክኑ ወረቀት የተነጠፈበት ትሪ ላይ ገልብጡት።

አሁን አበባው። ጮክ ብዬ የምናገረው እዚህ ጋ ነው፣ ከአበባ መሸጫ የተገዛ ጽጌረዳ አይበላም። አገራችን ከኬንያ ቀጥላ ከአፍሪካ ሁለተኛ አበባ ላኪ ናት፣ ዝዋይ ሆለታ ቢሾፍቱ ያሉት እርሻዎች የሚያመርቱት ጽጌረዳ ለዓይን እንጂ ለአፍ ታስቦ አይደለም፣ ለሻጋታው ለተባዩ የሚረጨው መድኃኒት ለሚበላ ነገር በሚፈቀደው ልክ አይደለም፣ "አጥበዋለሁ" ብትሉም የአንዳንዱ መድኃኒት ባህሪ ተክሉ ውስጥ መግባት ስለሆነ በውሃ አይለቅም። መድኃኒት ያልተረጨበት የግቢ ጽጌረዳ ካላችሁ፣ ወይም ለሻይ ተብሎ ደርቆ የሚሸጠውን፣ እሱን ነው። ሌላው ደግሞ አበባ ስለሆነ ብቻ ይበላል ማለት አይደለም፣ ኦሊያንደር የሚባለው ሮዝ ወይ ነጭ አበባ ያለው ቁጥቋጦ በየአጥሩ አለ መርዝ ነው፣ በየግቢው ቁልቁል የሚንጠለጠለው እንደ ጡሩንባ ሰፋ ያለው ነጭ ወይ ቢጫ አበባም የአስተናግር የቅርብ ዘመድ ነው፣ እንኳን ቸኮሌት ላይ እጅ ላይም አይቆይ። ኮሶም እኮ አበባ ነው፣ አያቶቻችሁን ጠይቁ ለምን እንደሚጠጣ።

እና በሶብላ። ቸኮሌት ከቅመም ጋር ሲገባ ማንም አይደነግጥም፣ ቅርንፉድ ራሱ ያልተከፈተ የአበባ እምቡጥ ነው፣ ኬክና ሻይ ውስጥ ስንጨምረው አበባ በላን አንልም። የኛ በሶብላ የሚደርቀው ከነአበባው ነው፣ ያ ወይን ጠጅ መልክ ያለው ረዥሙ ዘለላ፣ በመዳፍ ሲታሽ መጀመሪያ ቅርንፉድ ይሸታል ከዛ ትንሽ ቆይቶ ሎሚ ሎሚ የሚል ነገር ይመጣል፣ የካካዎው ምሬት ደግሞ እንደዚህ ዓይነት ሽታ ይወዳል። ጽጌረዳ ጥሩ ነው አልጠላሁትም፣ ግን በጥቁር ካካዎ ውስጥ ወይ ይጠፋል ወይ ሳሙና ይሆናል፣ መሃል ላይ ማቆም ከባድ ነው።

አሰራሩ እንዲህ ነው፣ የበሶብላውን አበባ ብቻ ከግንዱ ሸምጥጡት፣ ለዚህ መጠን አንድ የሻይ ማንኪያ ሙሉ ይበቃል፣ በሙቀጫ ሁለቴ ሶስቴ ነካ አድርጉት፣ ዱቄት አይሁን። ወተቱን ከመፍላቱ በፊት እንፋሎት ሲጀምር አውርዱና በሶብላውን ጨምራችሁ ክደኑት፣ ክዳኑ ግድ ነው ሽታው የሚሄደው በእንፋሎቱ ነው፣ 20 ደቂቃ አቆዩትና በጥሩ ማጥለያ አጥልሉት። አንድ ዘር ብታመልጥ ጥርስ መሃል ነው የምትገባው። ወተቱ ቅባቱ ያልወጣ ይሁን፣ ሽታውን ይዞ የሚያስቀረው ቅባቱ ስለሆነ ስስ ወተት ላይ ከባዶ ብዙም አይለይም። ያጠለላችሁትን መልሳችሁ ለኩት፣ ትንሽ ስለሚቀንስ በወተት ሙሉት፣ ከዛ በላይኛው አሰራር ቀጥሉ።

ከአንድ ማንኪያ አትለፉ የምለው እማዬ ስላስጠነቀቀችኝ ነው። አንዱን ቁራጭ አፏ ውስጥ አድርጋ ዝም ብላ ስታላምጥ ቆየችና "ልጄ፣ ይሄ ነገር ጣፋጭ ሽሮ ነው እንዴ?" አለችኝ። ቀጥላ ግን ሁለተኛ አነሳች፣ ሶስተኛውን ደግሞ በሶፍት ጠቅልላ ለእትዬ ጎረቤታችን ወሰደችላት፣ እኔ ይሄንን እንደ ማለፊያ ነጥብ ነው የቆጠርኩት።

ጽጌረዳ ነው የምፈልገው ላላችሁ፣ ወተት ውስጥ አትዘፍዝፉት፣ ያ ሁሉ ፍላት የጽጌረዳ ሽታ አይተርፈውም። ቀዝቅዞ ልትመቱት ስትሉ አንድ የሻይ ማንኪያ የጽጌረዳ ውሃ ጠብ አድርጉበት፣ የአበባውን ቅጠል ደግሞ ደረቁን ትሪው ላይ ከገለበጣችሁ በኋላ በትኑበትና በመዳፍ ጫን ጫን አድርጉት። እርጥብ ቅጠል ከሆነ በማግስቱ ይጠቁራል ፈጁንም ያረጥበዋል። የቅጠሉን ነጭ ስር ቁረጡት መራራ ነው። ከርከዴ ግን ወተቱ ውስጥ ጭራሽ እንዳይገባ፣ ኮምጣጣ ስለሆነ ወተቱን ይቆርጠዋል፣ ሎሚ እንደጨመራችሁበት ቁጠሩት። ከርከዴን አድቅቃችሁ በወንፊት ነፍታችሁ ላዩ ላይ በትኑት፣ ቀዩ ዱቄት ጥቁሩ ቸኮሌት ላይ ሲያምር! ጣፋጩንም ኮምጠጥ አድርጎ ይሰብረዋል፣ በሶብላና ከርከዴ አንድ ላይ ደግሞ ይስማማሉ።

ለመቁረጥ ቢላውን ሙቅ ውሃ ውስጥ እየነከራችሁ እየጠረጋችሁ ነው፣ ትንንሽ አድርጉት ምክንያቱም ስኳር ነው ከሁለት በላይ የሚበላ ሰው የለም (ከእማዬ በቀር)። ፍሪጅ አያስፈልገውም ያደርቀዋል፣ የሚገጥም ክዳን ባለው ቆርቆሮ ውስጥ ሁለት ሳምንት ያህል ይቆያል።

የጾሙን ለምትጠይቁ፣ ወተቱን በወፍራም የኮኮናት ወተት ቅቤውን በኮኮናት ዘይት ቀይሩት፣ ሌላው ሁሉ እንዳለ ነው ድቡልቡሉም ያው ነው፣ ትንሽ ለስለስ ብሎ ነው የሚረጋው። እሱ ላይ ግን እኔም በሶብላ አልልም፣ ኮኮናቱና በሶብላው ሲገናኙ ሁለቱም ያኮርፋሉ፣ ለጾሙ ጽጌረዳ ነው።